የግብጽን ጥንታዊ ጽሕፈት ያነበበው ሻምፖሊዮን



ከክፍል ጓደኞቼ ብዙዎቹ በኮምፒዩተርና በእጅ ስልክ በሚሠራ የእንቆቅልሽ ጨዋታ የተጠመዱ ናቸው። ጨዋታው በደረጃ የተከፋፈለ ሆኖ፣ የአንዱን ደረጃ ምስጢር ፈትቶ የይለፍ ቃሉን ያላገኘ ሰው ወደሚቀጥለው ደረጃ ማለፍ አይችልም። ሥዕሎች ይታያሉ፤ ምልክቶች ይደረደራሉ፤ ቍጥሮች እዚህም እዚያም ተደብቀዋል፤ ምኑ ከምኑ ጋራ እንደሚገናኝ ግን ተጫዋቹ ራሱ መርምሮ መድረስ አለበት። እኔም ከነዚሁ ተጫዋቾች አንዱ ስለ ሆንሁ፣ ለዘንድሮው መጽሔታችን ምን ልጻፍ ብዬ ሳስብ የፈረንሳዊውን የዣን ፍራንሷ ሻምፖሊዮንን ታሪክ መረጥሁ። እኛ የምንጫወተውን እንቆቅልሽ የሠራው ሰው መልሱን አስቀድሞ አዘጋጅቶ አስቀምጦታል፤ የማታ የማታ እንደሚፈታም እናውቃለን። ሻምፖሊዮን የገጠመው እንቆቅልሽ ግን መልሱን የሚያውቁት ሰዎች ካለቁ ከ1,400 ዓመት ያላነሰ ጊዜ አልፎት ነበረ። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አስታውቃለሁ።

ሻምፖሊዮን በዲሴምበር 23 ቀን 1790 በደቡብ ምዕራብ ፈረንሳይ፣ ፊዣክ በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። አባቱ መጽሐፍ ሻጭ ነበረ። ዘመኑ የፈረንሳይ አብዮት የፈነዳበት ስለ ነበረ የትምህርቱ ሥርዐት ፈርሶ ብዙ ልጆች በየቤታቸው ይውሉ ነበረ። የቤተሰቡ ትረካ እንደሚለው፣ ሕፃኑ እናቱ በቃሏ የምትደግመውን ጸሎት ሰምቶ ከያዘ በኋላ፣ ያንኑ ጸሎት ከመጽሐፉ ገጽ ጋራ እያስተያየ የትኛው ምልክት የትኛውን ድምፅ እንደሚይዝ ለይቶ፣ በአምስት ዓመቱ ያለ የኔታ ማንበብ ቻለ። ትረካው ጥቂት ሳይጋነን አልቀረም ብዬ እጠረጥራለሁ። ነገር ግን ኋላ በ31 ዓመቱ የሠራው ታላቅ ሥራ በመሠረቱ ይኸው ነው፤ የሚያውቀውን ድምፅ ከማያውቀው ምልክት ጋራ ማገናኘት።

ለዚህ ልጅ እንደ አባት የሆነለት በ12 ዓመት የሚበልጠው ታላቅ ወንድሙ ዣክ ዦዜፍ ነው። ዣክ ዦዜፍ ዕውቀት ወዳድ ሳለ እንደ ልቡ ለመማር ያልታደለ፣ በግሬኖብል ከተማ በንግድ ቤት ተቀጥሮ የሚሠራ ሰው ነበረ። በ1801 ታናሹን ከፊዣክ አስመጥቶ ከራሱ ጋራ አኖረው፤ መጽሐፍ ገዛለት፤ ለትምህርቱም ገንዘብ ከፈለለት። የሻምፖሊዮንን ታሪክ የሚጽፉ አንዳንድ ሰዎች የዚህን ወንድም ስም በአንድ መስመር ያልፉታል፤ ለእኔ ግን የታሪኩ ግማሽ የእርሱ መስሎ ይታየኛል።

በዚያን ጊዜ የአውራጃው ገዥ ታላቁ የሒሳብ ሊቅ ዦዜፍ ፉሪዬ ነበረ። ፉሪዬ በ1798 ከናፖሊዮን ቦናፓርት ጋራ ወደ ግብጽ ከዘመቱት ሊቃውንት አንዱ ሲሆን፣ ዣክ ዦዜፍም በጽሑፍ ሥራ ይረዳው ነበረ። ስለዚህ በዚያ ቤት የግብጽ ወሬ የዘወትር ወሬ ሆነ። ብላቴናው ላቲንና ጽርእን ይዞ ዕብራይስጥን፣ ዐረብኛንና ሱርስትን ጨመረ። በ1804 የገባበት አዳሪ ትምህርት ቤት ተማሪዎቹ እንደ ወታደር በከበሮ ድምፅ የሚታዘዙበት ስለ ነበረ እጅግ ጠላው። ሒሳብም አይወድም ነበረ። (ይህን የጻፍሁት ሒሳብ ለማይወዱ ጓደኞቼ መጽናኛ እንዲሆን አይደለም፤ ቈይተን እንደምናየው የእንቆቅልሹን በር ያስከፈተው ቈጠራ ነው።)

በሴፕቴምበር 1807፣ ገና 16 ዓመቱ ሳለ፣ በግሬኖብል አካዳሚ ሊቃውንት ፊት ቆሞ የጥንት ግብጽን የቦታ ስሞች በቅብጥ ቋንቋ የሚመረምር ጽሑፍ አነበበ። በዚያው ወር ወደ ፓሪስ ሄዶ በዘመኑ ስመ ጥር ከነበረው ከሲልቬስትር ደ ሳሲና ከሌሎች መምህራን ዘንድ የምሥራቅ ቋንቋዎችን ይማር ጀመር። ከተማራቸውም ቋንቋዎች አንዱ የእኛው ግዕዝ ነው። ልቡ የተሰጠው ግን ለቅብጥ ነበረ።

ቅብጥ ማለት የጥንት ግብጻውያን ቋንቋ የመጨረሻ መልክ ነው። ግብጻውያን ክርስትናን ሲቀበሉ የአባቶቻቸውን ሥዕላዊ ጽሕፈት ትተው፣ ቋንቋቸውን ጥቂት ምልክት በተጨመረበት በጽርእ ፊደል ይጽፉ ጀመር። ኋላም ዐረብኛ በአገሩ ሲሰፋ ቅብጥ ከገበያና ከጓዳ ወጥቶ በቅዳሴ ብቻ ተወስኖ ቀረ። ይህን ለመረዳት እኛ ኢትዮጵያውያን ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገንም፤ ግዕዝም እንደዚሁ ከአፍ ተለይቶ በማሕሌትና በቅዳሴ የኖረ ቋንቋ ነውና። ለብዙ መቶ ዓመታት ጳጳስ ይመጣልን የነበረውም ከዚያው ከቅብጦች መንበር ከእስክንድርያ ነው። ሻምፖሊዮን በፓሪስ በቅዱስ ሮክ ቤተ ክርስቲያን ያገለግል ወደ ነበረ ዩሐና ሺፍቲሺ ወደሚባል ግብጻዊ ቄስ እየሄደ አነባበቡንና አነጋገሩን ተማረ። ብቻውን ሲሆን በቅብጥ ይናገር፣ ማስታወሻውንም በቅብጥ ይጽፍ እንደ ነበረ ለወንድሙ የላከው ደብዳቤ ይመሰክራል።

በዚያ ዘመን ቅብጥ እንጀራ የሚያበላ ትምህርት አልነበረም። ተማሪው በፓሪስ ጫማውና ልብሱ እስኪያልቅ ተቸገረ፤ ለወንድሙ የሚጽፈው ደብዳቤ ግማሹ ስለ ፊደል፣ ግማሹ ስለ ገንዘብ ነበረ። ወንድሙም ከራሱ ቀንሶ ይልክለት ነበረ። በመጨረሻ በ1809፣ 19 ዓመት ሳይሞላው፣ በግሬኖብል የታሪክ ረዳት መምህር ሆኖ ተሾመ።

አሁን ስለ እንቆቅልሹ ራሱ ልናገር። በጁላይ 1799 የፈረንሳይ ወታደሮች በዓባይ አፍ አጠገብ በምትገኘው በረሺድ ከተማ አንድ ምሽግ ሲያድሱ፣ ቡሻር የተባለ መኰንን ጽሕፈት የሞላበት ጥቁር ድንጋይ አገኘ። አውሮፓውያን ረሺድን ሮዜታ ስለሚሏት ድንጋዩ የሮዜታ ድንጋይ ተባለ። ቁመቱ 112 ሳንቲ ሜትር፣ ክብደቱ ወደ 760 ኪሎ ነው። ከላይ ሂሮግሊፍ የሚባለው ሥዕላዊ ጽሕፈት፣ ከመካከል ዲሞቲክ የሚባለው ፈጣን የእጅ ጽሕፈት፣ ከታች ጽርእ ተቀርጾበታል። ጽርኡ ሲነበብ የግብጽ ካህናት በ196 ዓመት ከክርስቶስ ልደት በፊት ለአምስተኛው በጥሊሞስ ክብር ያወጡት ዐዋጅ ሆኖ ተገኘ። እንግሊዞች ፈረንሳዮችን ድል ባደረጉ ጊዜ ድንጋዩን ወሰዱት፤ ከ1802 ጀምሮ በለንደን በብሪቲሽ ሙዚየም ይገኛል። የአውሮፓ ሊቃውንት በግልባጩ ይሠሩ ነበረ።

አንድ ነገር በሦስት ጽሕፈት ከተጻፈና አንደኛው ከተነበበ ሌላው እንዴት ያስቸግራል ብሎ የሚጠይቅ ይኖራል። ነገር ግን የሂሮግሊፉ ክፍል ከላይ ተሰብሮ የቀረው 14 መስመር ብቻ ነው፤ ቃል ከቃል የሚለይ ነጥብ የለውም፤ የቋንቋው የነገር ቅደም ተከተልም እንደ ጽርእ አይደለም። ከሁሉ የከፋው እንቅፋት ግን በሰው አእምሮ ውስጥ ነበረ። በዓለም የታወቀው የመጨረሻው የሂሮግሊፍ ጽሕፈት በ394 ዓመተ ምሕረት በፊላይ ደሴት የተቀረጸው ነው። ከዚያ ወዲህ ሰው ሁሉ እነዚያን ወፎች፣ እባቦችና ዐይኖች የፊደል ሥራ እንደሚሠሩ ዘንግቶ፣ እያንዳንዱ ሥዕል ጥልቅ ፍልስፍና የተሰወረበት ምሳሌ ነው ይል ጀመር። በ17ኛው መቶ ዓመት የነበረው ካህን አታናሲዩስ ኪርሸር ጥቂት ምልክቶችን አይቶ ረጅም የፍልስፍና ትርጕም ያወጣ ነበረ። (ይሁን እንጂ የቅብጥን ቋንቋ ለአውሮፓ ያስተዋወቀው እርሱ ስለ ሆነ አይናቅም።) በእኛ አነጋገር ሁሉም ወርቁን ለመያዝ ሲሮጥ ሰሙን ያነበበ ሰው ጠፋ።

ደ ሳሲ ሞክሮ ተወው። ስዊድናዊው ኦከርብላድ በዲሞቲኩ ጥቂት ስሞችን ለየ። እንግሊዛዊው ቶማስ ያንግ ግን ሩቅ ሄደ። ያንግ ሐኪምም የፊዚክስ ሊቅም የነበረ፣ እጅግ ብሩህ ሰው ነው። በሂሮግሊፍ መካከል በሞላላ ቀለበት ተከብበው የሚታዩት ምልክቶች የነገሥታት ስም መሆናቸውን ተገንዝቦ፣ የበጥሊሞስን ስም አግኝቶ፣ ከፊደላቱም ጥቂቶቹን በትክክል አነበበ፤ ይህንም በ1819 አሳተመ። እኔ እንደሚመስለኝ ፈረንሳዮች ያንግን ማቃለላቸው፣ እንግሊዞችም ሻምፖሊዮን ከያንግ ሰረቀ ማለታቸው ሁለቱም ከፍርድ የራቀ ነው። ያንግ የመጀመሪያውን በር ከፍቷል። ነገር ግን ምልክቶቹ እንደ ፊደል የሚያገለግሉት የባዕድ ስም ሲጻፍ ብቻ ነው ብሎ ስላመነ ከሁለተኛው በር ደጅ ቀረ።

በዚህ መካከል ሻምፖሊዮን በፖለቲካ መከራ ወደቀ። በ1815 ናፖሊዮን ከስደት ተመልሶ በግሬኖብል ሲያልፍ ሁለቱ ወንድማማቾች ደግፈውት ነበረና፣ እርሱ በዋተርሎ ከተሸነፈ በኋላ ሥራቸውን ተነጥቀው በ1816 ወደ ፊዣክ ተጋዙ። ሻምፖሊዮን ወደ ግሬኖብል ተመልሶ በ1818 ሮዚን ብላን የምትባል ሴት አገባ፤ በ1821 ግን ከመንግሥት ጋራ እንደገና ተጣልቶ፣ ሥራ ፈት ሆኖ፣ ጤናው ታውኮ በፓሪስ ወንድሙ ቤት ተጠጋ።

እዚያም በዲሴምበር 1821 እጅግ ቀላል የሚመስል ሥራ ሠራ፤ ቈጠረ። የሮዜታ ድንጋይ የጽርእ ቃላት 486 ናቸው። ሂሮግሊፉ ደግሞ፣ ግማሹ ተሰብሮ እንኳ፣ 1,419 ምልክት አለው። እያንዳንዱ ምልክት አንድ ቃል ወይም አንድ ሐሳብ ቢሆን ኖሮ ምልክቶቹ ከቃላቱ በሦስት እጥፍ ሊበዙ አይችሉም ነበረ። ደግሞም የሚደጋገሙትን ቀንሶ ቢቈጥራቸው ልዩ ልዩ የሆኑት ምልክቶች 166 ብቻ ሆኑ። በዚያው ዓመት ሻምፖሊዮን ራሱ ሂሮግሊፍ የነገር እንጂ የድምፅ ምልክት አይደለም ብሎ አሳትሞ ነበረ። ቍጥሩ ግን የገዛ መጽሐፉን ስላፈረሰበት ቍጥሩን ይዞ መጽሐፉን ተወ። ከሕይወቱ ሁሉ እጅግ የማደንቀው ይህን ነው።

በጃንዋሪ 1822 ከፊላይ ወደ እንግሊዝ የተወሰደ የአንድ ሐውልት ጽሕፈት ግልባጭ ደረሰው፤ በዚያም ላይ ክሌዎጳትራ የሚል ስም እንዳለ ይገመት ነበረ። ውድ አንባቢ፣ እባክህ እርሳስ ይዘህ ተከተለኝ። የበጥሊሞስ ቀለበት ምልክቶች በድምፅ ሲዘረዘሩ ፕ-ት-ኦ-ል-ም-ይ-ስ ናቸው ተብሎ ይታሰብ። ክሌዎጳትራ ደግሞ ክ-ል-ኤ-ኦ-ፕ-አ-ት-ር-አ ልትሆን ይገባታል። እንግዲህ በክሌዎጳትራ ሁለተኛው ምልክት በበጥሊሞስ አራተኛው ሊሆን ያስፈልጋል፤ ሁለቱም ቦታ አንበሳ ተጋድሞ ተገኘ። አራተኛው በበጥሊሞስ ሦስተኛው ሊሆን ያስፈልጋል፤ ሁለቱም ቦታ የገመድ ቋጠሮ ተገኘ። አምስተኛው በበጥሊሞስ አንደኛው ነው፤ ሁለቱም ቦታ አራት ማዕዘን ተገኘ። በክሌዎጳትራ ስም ውስጥ ሁለት ጊዜ መምጣት የሚገባው አ በስድስተኛውና በዘጠነኛው ስፍራ አንዲት ወፍ ሆኖ ታየ። ያልገጠመው አንድ ብቻ ነበረ፤ ት በበጥሊሞስ ግማሽ ክብ፣ በክሌዎጳትራ ግን የሰው እጅ ሆነ። ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ተስፋ ይቈርጥ ነበረ። ሻምፖሊዮን ግን ሁለት ልዩ ምልክቶች ለአንድ ድምፅ ሊያገለግሉ ይችላሉ አለ። እኛ በቃል ጽሕፈት ፈተና ሀሌታው ሀና ሐመሩ ሐ፣ እሳቱ ሰና ንጉሡ ሠ እያምታቱን የምናለቅስ ተማሪዎች ይህን ሐሳብ ለመቀበል አይቸግረንም።

በነዚህ ፊደሎች እስክንድርን፣ ቤሬኒቄንና የሮማን ቄሣሮች ስም አነበበ። ነገር ግን እነዚህ ሁሉ የባዕድ ነገሥታት ስለ ሆኑ የያንግ አሳብ ገና አልተነካም ነበረ። የጥንቶቹ ፈርዖኖች ጽሕፈት እንዴት ነበረ? ዋናው በር ይህ ነው።

በሴፕቴምበር 14 ቀን 1822 ዑዮ የተባለ አርኪቴክት በኑቢያ ከአቡ ሲምበል ቤተ መቅደስ የገለበጠውን ሥዕል ላከለት። በአንዱ ቀለበት ውስጥ አራት ምልክቶች ነበሩ፤ የፀሐይ ክብ፣ ቍልቍል የተንጠለጠሉ ሦስት ጭራዎች የሚመስል ምልክት፣ ከዚያም የሚያውቀው ስ ሁለት ጊዜ። ፀሐይ በቅብጥ ሬ ወይም ራ ትባላለች። ራ … ስስ። የጭራዎቹን ምልክት በሮዜታ ድንጋይ ላይ ፈለገው፤ ጽርኡ ስለ ልደት ቀን በሚናገርበት ስፍራ አገኘው፤ በቅብጥም መውለድ ሚሴ ይባላል። ራምሴስ! ከመጽሐፍ ቅዱስ ጀምሮ የታወቀው ስም ነው። ወዲያው ሌላ ቀለበት አነሣ፤ ቶት የሚባለው ጣዖት ምልክት የሆነችው ወፍ፣ ያው የልደት ምልክትና ስ አሉበት፤ ቱትሞስ ሆነ። ጽሕፈቱ ምልክቱ አንዳንድ ጊዜ ቃል፣ አንዳንድ ጊዜ ድምፅ የሚሆንበት ቅልቅል እንደ ሆነ፣ የፈርዖኖቹም ቋንቋ በቅዳሴ የኖረው የቅብጥ ቋንቋ አባት እንደ ሆነ በዚያች ቀን ታወቀ።

የወንድሙ ልጅ ኋላ እንደ ተረከው፣ ሻምፖሊዮን ወረቀቱን ይዞ ወንድሙ ወደሚሠራበት ቤት ሮጠ፤ ማግኘቱን ጮኾ ተናግሮ ራሱን ስቶ ወደቀ፤ ለብዙ ቀንም ተኝቶ ቈየ። በሴፕቴምበር 27 ቀን ግኝቱን ለአካዳሚው ጸሓፊ ለዳሲዬ በተጻፈ ደብዳቤ መልክ በሊቃውንት ፊት አነበበ፤ ያንግም ከአድማጮቹ መካከል ነበረ። በ1824 ሥርዐቱን በሙሉ በመጽሐፍ አወጣ። ከዚያ በቱሪን የተሰበሰቡትን የግብጽ ቅርሶች መረመረ፤ በ1826ም በሉቭር ሙዚየም የግብጽ ክፍል ሹም ሆነ።

ግብጽን ያያት ዕድሜው 37 ሲሞላ ነው። በ1828 ከጣልያናዊው ከሮዜሊኒ ጋራ የሊቃውንት ቡድን መርቶ እስክንድርያ ገባ፤ በዓባይ ሽቅብ ተጕዞ እስከ ዋዲ ሐልፋ ደረሰ። አቡ ሲምበል አሸዋ ስለ ተጫነው ልብሱን አውልቆ በጠባብ ቀዳዳ በደረቱ ተስቦ ገባ፤ ውስጡ እንደ እንፋሎት ቤት የሚያልብ ነበረ። ከስድስት ዓመት በፊት በፓሪስ ከወረቀት ላይ ያነበበውን የራምሴስን ስም እዚያ በግንቡ ላይ በሻማ ብርሃን አየው። በ1829 በመጀመሪያው ቀን ከዋዲ ሐልፋ ለዳሲዬ በጻፈው ደብዳቤ፣ ከፊደል ገበታው የሚለወጥ ነገር አለመኖሩን አስታወቀ።

አንድ የማልደብቀው ነገር አለ። ሻምፖሊዮን ለግብጹ ገዥ ለመሐመድ ዓሊ ቅርሶቹ እንዲጠበቁ ማመልከቻ ጽፏል፤ ያው ሰው ግን ከፈርዖን ሴቲ መቃብር አንድ የተቀረጸ ግድግዳ አስፈልጦ ወደ ፓሪስ አስወስዷል። በ1836 በፓሪስ አደባባይ የቆመው የሉክሶር ሐውልትም የተመረጠው በእርሱ ምክር ነው። በ1937 ወደ ሮማ የተወሰደው የአክሱም ሐውልት እስኪመለስ ድረስ እስከ 2005 የጠበቅን ሕዝብ ስለ ሆንን፣ ይህን በዝምታ ማለፍ አልቻልሁም።

ከጕዞው ሲመለስ ሰውነቱ አልቆ ነበረ። በ1831 በኮሌዥ ደ ፍራንስ የግብጽ ትምህርት መምህር ሆኖ ቢሾምም፣ ያስተማረው ለጥቂት ጊዜ ነው። የሰዋስውን ረቂቅ ለወንድሙ አስረክቦ በማርች 4 ቀን 1832፣ በ41 ዓመቱ፣ በፓሪስ ዐረፈ።

ዣክ ዦዜፍ አልቅሶ ዝም አላለም። ሰዋስውን ከ1836 ጀምሮ፣ መዝገበ ቃላቱን ከ1841 ጀምሮ አሳተመ። ሳልቮሊኒ የተባለ የሻምፖሊዮን ደቀ መዝሙር ከረቂቆቹ ብዙዎቹን ሰውሮ በራሱ ስም ያወጣ ነበረ፤ ይህ ሰው በ1838 ሲሞት የተሰወሩት ወረቀቶች ከንብረቱ መካከል ተገኙ፤ ወንድሙም አስመለሳቸው። እንዲህም ሆኖ የሻምፖሊዮንን ንባብ የማያምኑ ሊቃውንት ለብዙ ዓመታት አልጠፉም ነበረ። በ1866 ጀርመናዊው ሌፕስዩስ በታኒስ ሌላ ድንጋይ አገኘ፤ ይህም እንደ ሮዜታው በሂሮግሊፍ፣ በዲሞቲክና በጽርእ የተጻፈ፣ ሂሮግሊፉም ሳይሰበር የቈየ ነበረ። ሂሮግሊፉን በሻምፖሊዮን ሥርዐት አንብበው ከጽርኡ ጋራ ሲያስተያዩት ስምሙ ሆነ። ዕድሜው ወደ 88 የተጠጋው ዣክ ዦዜፍ በዚያን ጊዜ ገና በሕይወት ነበረ።